በሽንኩርት ስም የተመዘገበው አበባ

በጥቅምት ወር፣ ፀሐይ ዘቅዘቅ ስትል፣ ከጋሽ ወልዴ ደጃፍ የሚነሣው ሽታ ሁለት ዓይነት ነበር። አንደኛው የቤንዚን ነው፤ የሰዓት ጥርስ የሚታጠብበት፣ ከጣቶቻቸው በሳሙናም በአመድም የማይለቅ። ሁለተኛው የሊሊ አበባ ነው፤ ከበድ ያለ፣ ጣፋጭ፣ ቀን ተደብቆ ውሎ አመሻሽ ላይ የሚወጣ። ሁለቱ ሽታዎች ግቢው መካከል ተገናኝተው ተያይዘው ወደ መንገዱ ሲወጡ፣ ከሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ሽቅብ የሚመጣ ሰው አንድ ጊዜ ቆም ብሎ አፍንጫውን ሳያነሣ አያልፍም ነበር።

ሙሉ ስማቸው ወልደገብርኤል ነው። በሙሉ ስማቸው የሚጠሯቸው ግን ሁለት ብቻ ነበሩ፤ ቄሱና ቀበሌው። ለሌላው ሁሉ ጋሽ ወልዴ ናቸው። ከፒያሳ ቁልቁል ወደ ድልድዩ በሚወርደው መንገድ፣ በአንድ የጨርቅ ሱቅ ደረጃ ሥር የተሸጎጠች፣ ሁለት ሰው አብሮ የማይቆምባት የሰዓት መጠገኛ ነበረቻቸው። እዚያ አጉሊ መነጽራቸውን አንድ ዓይናቸው ላይ ሰክተው፣ ወረንጦና ትንንሽ ካቻቢቴ ደርድረው ይውላሉ። በሥራ አይቸኩሉም። የሰፈሩ ጎረምሶች «የጋሽ ወልዴ ሰዓት ከተሠራ በኋላ አይዘገይም፤ የሚዘገየው ከመሠራቱ በፊት ነው» እያሉ ይቀልዱባቸው ነበር።

የሚታወቁበት ሌላ ነገር ደግሞ ውሸት አለመቻላቸው ነው። ሰው የአባቱን ሰዓት በመሐረብ ጠቅልሎ ይዞ ሲመጣ፣ ከፍተው ያዩና «ይኼ ልቡ ሞቷል፤ ግድግዳ ላይ ይስቀሉት እንጂ እኔ ዘንድ አያመላልሱት» ብለው ይመልሱታል። ባለቤታቸው ወይዘሮ ሙሉእመቤት በዚህ ጠባያቸው ስንት ጊዜ እንደተናደዱ ቤት ይቁጠረው። አንድ ቀን እንዲያውም አዲስ ቀሚስ ለብሰው «እንዴት ነው?» ቢሏቸው፣ ጋሽ ወልዴ መነጽራቸውን ሳያወልቁ «ጨርቁ ጥሩ ነው» ብለው መልሰዋል።

ሊሊው እጃቸው የገባው በስልሳ ሰባት ዓመተ ምሕረት ነው። በዳቦ መጋገሪያዋ የምትታወቅ አንዲት ጣሊያናዊት ሲኞራ ነበረች፤ ጋሽ ወልዴ በየዓመቱ እቤቷ እየሄዱ የግድግዳ ሰዓቷን ይሞሉላትና ያጸዱላት ነበር። መጋገሪያው ሲወረስ ወደ አገሯ ለመሄድ ጓዟን አሰረች፤ ለስንብትም በጋዜጣ የተጠቀለለ ነገር ሰጠቻቸው። ሲፈቱት የነጭ ሽንኩርት ራስ የሚመስሉ ሦስት ነገሮች ናቸው። ሲኞራዋ በዚያ በተሰባበረ አማርኛዋ «ራሱ ፀሐይ፣ እግሩ ጥላ» አለቻቸው። ቀጥላ፣ ውሃ ተኝቶበት እንዳያድር፣ አበባው ካለፈ በኋላም ግንዱ በራሱ ጊዜ ቢጫ ሳይሆን እንዳይቆረጥ ነገረቻቸው። ድመት ቅጠሉንም አበባውንም እንዳይቀምስ፤ ከቀመሰ ኩላሊቱ ያልቃል አለች። ከዚያ አለቀሰችና በሩን ዘጋች።

ጋሽ ወልዴ የተነገራቸውን እንደ ሐኪም ትእዛዝ ያዙት። ከቤታቸው ፊት ለፊት፣ የግቢው አምስት ተከራዮች ልብስ በሚያሰጡበት ገመድ ሥር፣ ለማንም የማትረባ አንድ ቁራጭ መሬት ነበረች። እሷን ቆፈሩ። ከሥር አሸዋ አነጠፉ፤ እያንዳንዱን ራስ በቁመቱ ሦስት እጥፍ ጥልቀት ቀበሩት። «እግሩ ጥላ» የተባለውን ለመፈጸም ዙሪያውን በሶብላና ጦስኝ ተከሉ። ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲበረታ ውሃው እንዳይተኛ በማንኪያ ትንንሽ ቦይ ይቀዱ ነበር፤ በማንኪያ መሆኑን ያየችው ጎረቤታቸው ሓዳስ ሳቋ እንባዋን አመጣው። ሓዳስ ልብስ ሰፊ ናት፤ አፏ ከመቀሷ ይፈጥናል። «ጋሼ፣ ለመሬትም ሰዓት ሊገጥሙላት ነው?» አለቻቸው።

ግንቦት ላይ የተተከለው ሊሊ መስከረም መጨረሻ እምቡጥ ይይዛል፤ ጥቅምት ሲገባ ነጭ ጥሩምባ ሆኖ ይፈነዳል። የተቆረጠውን እቤት የሚይዙበት ሥርዓትም ነበራቸው። ገና ያልፈነዳውን እምቡጥ በጠዋት ይቆርጣሉ፤ ግንዱን በሰያፍ ይሸልቱታል፤ ውሃውን በየቀኑ ይቀይራሉ፤ ሙዝ የተቀመጠበት ጠረጴዛ ላይ አያስቀምጡትም፤ ያስረጀዋል ባይ ናቸው። አበባው ሲከፈት መካከሉ ላይ ስድስት ቡናማ ፍሬዎች ይንጠለጠላሉ፤ ዱቄታቸው ነጭ ልብስ ከነካ አይለቅም። ጋሽ ወልዴ የሰዓት ወረንጧቸውን ያመጡና፣ ትንፋሻቸውን ይዘው፣ አንድ በአንድ ይነቅሏቸዋል። ወይዘሮ ሙሉእመቤት በር ላይ ቆመው እያዩ «እኔን እንኳ ታምሜ እንዲህ አላስታመሙኝም» ይላሉ። አበባው የሚያዝበት ማሰሮ የሚቀመጠው ቁምሳጥን ላይ ነው፤ የሓዳስ ድመት እንዳትደርስበት።

ከሁሉ በላይ ግን ሊሊው የሚፈለግበት አንድ ቀን ነበር። በወር በሃያ አንድ የሚሰበሰብ የማርያም ጽዋ ማኅበር አለ፤ አሥራ ሁለት አባላት፣ እያንዳንዱ በዓመት አንድ ጊዜ ይደግሳል። ጥቅምት የጽጌ ወር ነው፤ ለእመቤታችን በአበባ የሚዘመርበት። ስለዚህ ማኅበሩ ተመካክሮ የጥቅምትን ተራ ለጋሽ ወልዴ ቤት ሰጠ፤ ማንም ሊቀማቸው አልሞከረም። ዘመኑ እንዲህ ያለው ነገር ጎልቶ የሚደረግበት አልነበረም። ቢሆንም በሩ ገርበብ ተደርጎ፣ ድምፅ ዝቅ ተደርጎ፣ ጽዋው ይጠጣ ነበር።

በሰባ ሁለት ግንቦት ላይ አዲስ ትእዛዝ መጣ። የምርት ዘመቻ ነው፤ በቀበሌው ውስጥ ያለ ባዶ መሬት ሁሉ፣ የግቢም ይሁን የመንገድ ዳር፣ የሚበላ ነገር ይተከልበት ተባለ። ጎመን፣ ሰላጣ፣ ድንች፣ ሽንኩርት። አበባ የተባለ እንደሆነ ተነቅሎ በጎመን ይተካል። ይህን የሚቆጣጠረው የምርት ኮሚቴው ሰብሳቢ ጓድ እምሩ ነበር። ካኪ ልብሱ ሁልጊዜ የተተኮሰ፣ ደብተሩ ከብብቱ የማይለይ፣ ሃያ ስምንት ዓመት የማይሞላው ወጣት። ክፉ አይደለም፤ ግን ሥራውን የሚሠራው ከላይ የሚያየው ሰው እንዳለ ሁሉ ነው። እትብቱ የተቀበረው እዚያው ሰፈር ነው፤ ሽንኩርትን የሚያውቀው በወጥ ውስጥና በአትክልት ተራ ከረጢት ላይ ብቻ ነበር።

ክፋቱ፣ እምሩ ግቢውን ሊያይ የመጣው ጋሽ ወልዴ ሊሊዎቹን አውጥተው በሚከፋፍሉበት ቀን መሆኑ ነው። ሦስቱ ራሶች በአምስት ዓመት ተዋልደው አርባ ምናምን ደርሰው ነበር። ጆንያ ላይ ተደርድረው ጥላ ሥር ተኝተዋል። መደቡ ተቆፍሮ ባዶ ነው። እምሩ ጎንበስ ብሎ አንዱን አነሣ፤ ገላበጠው።

«ይኼ ምንድን ነው?» አለ።

ጋሽ ወልዴ አፋቸውን ከፈቱ። ከዚያ አፍ ግን ነገር ቶሎ አይወጣም። ሓዳስ ቀደመቻቸው፤ «ሽንኩርት ነዋ፣ ጓድ» አለች፤ ልብስ እያሰጣች፣ ዞር ብላ እንኳ ሳታይ።

«ነጭ ነው ቀይ?»

«የፈረንጅ ነው። ከሁለቱም ይሻላል።»

እምሩ አሸተተው። «አይሸትም እኮ።»

«ገና መቼ ደረሰ?» አለች ሓዳስ።

እምሩ ራሱን ነቀነቀና ደብተሩን ከፍቶ ጻፈ። ጋሽ ወልዴ ይህ ሁሉ ሲሆን እጃቸውን አፈር እንደለበሰ ዘርግተው ቆመው ነበር። እምሩ እጃቸውን ጨብጦ፣ ሌላው ነዋሪ ገና ሲያንገራግር እሳቸው ቀድመው ዘር ማዘጋጀታቸውን አድንቆ ሄደ። መጨበጡ ነው ጋሽ ወልዴን የጎዳቸው። እራት ላይ ነገሩን ለባለቤታቸው አዋዩ። እሳቸው እንዳልዋሹ፣ የዋሸችው ሓዳስ መሆኗን ተናገሩ። ወይዘሮ ሙሉእመቤት ሳቃቸውን በነጠላቸው ይዘው «እርስዎማ ዝም ብለው ነው የዋሹት፤ ከሁሉ የሚከፋው እሱ ነው» አሏቸው።

ከዚያ በኋላ ነገሩ በራሱ እግር ሄደ። እምሩ በነዋሪው ስብሰባ ላይ የጋሽ ወልዴን ስም አነሣ፤ ሰዓት ሠሪ ሆኖ ሽንኩርት ያለማ ብሎ አስጨበጨበላቸው። ሰኔ ላይ ለማበረታቻ ተብሎ አንድ ጆንያ ፍግ በቀበሌው ጋሪ ተላከላቸው። ትኩስ ፍግ የሊሊን ራስ ያበሰብሳል፤ ጋሽ ወልዴ ጥግ ላይ ከምረው በጆንያ ሸፈኑት፤ ሲበስል መደቡን በጭብጥ በጭብጥ አለበሱት። ሊሊው በሕይወቱ እንደዚያ ዓመት ተመችቶት አያውቅም። ግንዱ ጣት አከለ፤ ቁመቱ የሓዳስን መስኮት አለፈ። የግቢው ሰው ጠዋት ሲነሣ «ሽንኩርቱ እንዴት አደረ?» እያለ ይጠይቃል። ሓዳስማ «ጋሼ፣ ለወጥ ሳይሆን ለአጥር ነው የሚሆነው» ትላለች።

ጋሽ ወልዴ ግን ይሳቀቁ ነበር። ነገሩ የታወቀ ዕለት መደቡ እንደሚገለበጥ ያውቃሉ፤ ግንዱ በአረንጓዴው ከተቆረጠ ደግሞ ራሱ ተርቦ ይሞታል፤ የሲኞራዋ ሦስት ራሶች ከነልጅ ልጆቻቸው አለቁ ማለት ነው። ኮሚቴውን አታለለ ተብለው መጠራታቸውም አይቀርም። በነሐሴ አንድ ጠዋት ቆርጠው ተነሡ። ሱቃቸውን ዘግተው፣ ኮታቸውን ለብሰው፣ ሊናዘዙ ቀበሌ ሄዱ። እምሩ ቢሮ ውስጥ ከሌላ ቀበሌ የመጡ ሦስት እንግዶች ተቀምጠዋል። ጋሽ ወልዴ በሩ ላይ ብቅ ሲሉ እምሩ ብድግ ብሎ «የሽንኩርቱ አባት እኚህ ናቸው» ብሎ አስተዋወቃቸው። እንግዶቹም ተነሥተው ጨበጧቸው። አንዱ እንዲያውም በሽንኩርት መካከል ስንት ጣት ርቀት እንደሚያስፈልግ ጠየቃቸው። ጋሽ ወልዴ ስለ ሊሊ የሚያውቁትን እውነቱን መለሱ፤ «አንድ ስንዝር» አሉ። ሰውየው ጻፈ። ሊናዘዙ የሄዱት ሰው ሁለተኛ ኃጢአት ጨምረው ተመለሱ።

መስከረም አልፎ ጥቅምት ገባ። እምቡጦቹ ነጡ። ጥቅምት ሃያ አንድ ቀን ጠዋት ጋሽ ወልዴ ዘጠኝ ዘንግ ቆርጠው ማሰሮው ውስጥ አድርገው ለዕለቱ ጠረጴዛው መካከል አስቀመጡ፤ ሌሎቹ መደቡ ላይ ፈንድተው ቀሩ። ከሰዓት በኋላ የማኅበሩ አባላት አንድ በአንድ እየሆኑ መጡ። ከመጡት ውስጥ እትዬ አይናዲስ ነበሩ፤ የጓድ እምሩ እናት። እትዬ አይናዲስ ማኅበሩ ከተመሠረተ ጀምሮ ያሉ ናቸው። ልጃቸው ሥልጣን ከያዘ ወዲህ ግን ወዴት እንደሚሄዱ ሲጠይቃቸው፣ በየወሩ በሃያ አንድ፣ የሴቶች ማኅበር ስብሰባ አለብኝ ይሉታል። እምሩም እናቱ እንዲህ መንቃታቸውን በኩራት ያወራ ነበር።

የማኅበሩ ቄስ አባ ተክለሃይማኖት ዳቦውን ባርከው ቆርሰው፣ ጽዋው መዞር ሊጀምር ሲል፣ ገርበብ ያለው በር ተከፈተ። እምሩ ነው። በአንድ እጁ ደብተር፣ በአንድ እጁ ከቀበሌው ሱቅ የተዋሰውን ሚዛን ይዟል። ምርቱን ሊመዝን ነው የመጣው። ግቢው ውስጥ መደቡ ጋ ቆሞ ብዙ ሳያይ አልቀረም፤ ፊቱ ግራ ተጋብቷል። በመጀመሪያ ያየው ጋሽ ወልዴን ነው።

«ጓድ ወልደገብርኤል፣ ሽንኩርቱስ?»

ሰው ሁሉ ወደ ማሰሮው ዞረ። በጎረቤትነት የተጠራችው ሓዳስ እንኳ ዳቦዋን አፏ ውስጥ ይዛ ቀረች። ጋሽ ወልዴ ተነሡ። እጃቸውን ወደ ማሰሮው ዘረጉ።

«ይኸውልህ። ሽንኩርት ሆኖ አያውቅም፤ ከግንቦት ጀምሮ አበባ ነው። ያን ዕለት መናገር ሲገባኝ ዝም አልኩ፤ ሌላ ሰው አታንሣ፣ ጥፋቱ የእኔ ነው። ቀበሌ ድረስ መጥቼም ተመለስኩ። መደቡን ልገልብጥ ካልክ ትገለብጣለህ። ግንዱ ቢጫ እስኪሆን ብቻ ታገሠኝ፤ ሁለት ወር ነው። አሁን ከቆረጥከው ሥሩ ይሞታል።»

ጋሽ ወልዴ በአንድ ጊዜ ይህን ያህል ሲናገሩ ማንም ሰምቶ አያውቅም ነበር።

እምሩ ሚዛኑን መሬት ላይ አስቀመጠ። «እኔ እኮ ለበላይ ጽፌአለሁ» አለ፤ ድምፁ እንደ ተማሪ ሆኗል። «ሁለት ኩንታል ይጠበቃል ብዬ።»

«ከየት አባቱ ይመጣል ሁለት ኩንታል?» አለ አንድ ድምፅ ከማሰሮው ኋላ። «ይቺ መደብ አንድ በግ አታስተኛም።»

እምሩ አንገቱን አሰገገ። ከነጮቹ አበቦች ጀርባ፣ ነጠላቸውን መስቀለኛ ለብሰው፣ ዳቦ በእጃቸው ይዘው፣ እናቱ ተቀምጠዋል።

«እማዬ? አንቺ ስብሰባ ላይ አይደለሽም እንዴ?»

«ታዲያ ይኼ ምንድን ነው? ተበትነን ነው?»

ከአባላቱ አንዱ ሳቁን ወደ ሳል ለወጠ። እትዬ አይናዲስ ግን ፈገግ አላሉም። እሳቸው የቡልጋ ገበሬ ልጅ መሆናቸውን፣ ሽንኩርት እንዲህ ያለ ግንድ እንደማያወጣ ሰኔ ላይ በዚህ በር ሲያልፉ አይተው ማወቃቸውን ነገሩት። እምሩ ለምን እንዳልነገሩት ቢጠይቃቸው «መቼ ጠየቅኸኝ፣ ልጄ?» አሉት። «አንተ እቤት ስትገባ የምትነግረኝ ብቻ ነው። አንድ ቀን እማዬ ሽንኩርት ምን ይመስላል ብትለኝ ኖሮ እዚህ ሚዛን ተሸክመህ አትመጣም ነበር።»

እምሩ ደብተሩን ብብቱ ውስጥ ሸጎጠ። ወደ በሩ ዞር ሲል አባ ተክለሃይማኖት ጽዋውን ያዙና ከፊቱ ቆሙ። ጽዋ ላይ የደረሰ ሰው ሳይቀምስ አይወጣም፤ ይህን እምሩም ከሕፃንነቱ ያውቀዋል። ወይዘሮ ሙሉእመቤት ዱካቸውን ለቀው አስቀመጡት። ዳቦውን በሁለት እጁ ተቀበለ፤ ጽዋውን ጎንጨት አለ። ጉልበቱ ከእናቱ ጉልበት ጋር ሊነካካ ምንም አልቀረው። ከተቀመጠበት አበባው ልክ አፍንጫው ፊት ነው። 

«ይኼ... ሲያልፍ ምን ይሆናል፣ ጋሼ?» አለ።

ጓድ ማለቱን መተዉን ራሱም ያስተዋለው አይመስልም። ጋሽ ወልዴ ስለ ሊሊ ከተጠየቁ ደግሞ ፍርሃትም አያግዳቸውም። አበባው ሲረግፍ ግንዱ ብርታቱን ሁሉ ወደ ታች ወደ ራሱ እንደሚመልስ፣ ራሱ በአፈር ውስጥ ልጆች እንደሚያወጣ፣ ግንቦት ላይ ተቆፍረው እንደሚከፋፈሉ፣ ሦስት የነበሩት አርባ ሰባት መሆናቸውን አስረዱት። ለእናቱም ከፈለጉ አምስት ራስ እንደሚሰጧቸው፣ በዘይት ቆርቆሮም ቢሆን ሥሩ ተበስቶ አሸዋ ከተደረገበት በረንዳ ላይ እንደሚያድግ ነገሩት። ድመት ካለ ግን ከፍ ይደረግ አሉ።

«እንግዲያስ የሚቀመጠው ለዘር ነው ማለት ነው» አለ እምሩ፤ ቃላቱን እየመዘነ።

«ለዘር ነው» አሉ ጋሽ ወልዴ።

እምሩ ደብተሩን ጉልበቱ ላይ ከፈተ። እስክሪብቶው ሲጽፍ ይሰማ ነበር። ጽፎ ሲጨርስ ገጹን ወደ ጋሽ ወልዴ አዞረው። ጋሽ ወልዴ መነጽራቸውን ከግንባራቸው አውርደው አነበቡ። «ሽንኩርት፤ የፈረንጅ። በዚህ ዓመት ለምግብ አልደረሰም። ለከርሞ ዘር ተይዟል፤ መደቡ እንዳይነካ» ይላል።

ጋሽ ወልዴ ቀና አሉ። ሽንኩርት የሚለው እንዲታረም ሊናገሩ አፋቸውን መክፈት ሲጀምሩ ወይዘሮ ሙሉእመቤት ከጠረጴዛው ሥር እግራቸውን ረገጧቸው፤ ጠንከር አድርገው። ጋሽ ወልዴ አፋቸውን መልሰው ገጠሙ።

እምሩ ደብተሩን ዘጋ። የዳቦውን ፍርፋሪ ከካኪው ላይ አራገፈ፤ ሚዛኑን አነሣ፤ በተቀመጡት ሰዎች ጉልበት መካከል እየተሽሎከሎከ፣ እናቱንም ሆነ ሌላ ሰው ሳያይ፣ ደህና ዋሉ ሳይል ወጣ።